ማሽኖቹን የፈታው ሰው

ባለፈው ወር ለዓይኔ ሕክምና ጳውሎስ ሆስፒታል ሄጄ ነበር። አሁን ከምኖርበት ኮንዶሚኒየም እዚያ ለመድረስ አንድ አውቶቡስና ሁለት ታክሲ ያስፈልጋል። አርባ ዓመት የኖርኩበትን ሰፈር የማየው እንዲህ እንደ እንግዳ፣ የቀጠሮ ወረቀት ይዤ ሆኗል። ታክሲው ጳውሎስ ሳይደርስ ረዳቱ «ፋብሪካ ወራጅ አለ?» ብሎ ጠየቀ። ማንም አልመለሰለትም። ፋብሪካ የሚባል ነገር እዚያ ከጠፋ ሃያ ዓመት አልፎታል፤ የቀረው ስሙ ብቻ ነው። ረዳቱም የምን ፋብሪካ እንደነበረ አያውቅም፣ ተሳፋሪውም አይጠይቅም።

ሆስፒታሉ ኮሪደር ውስጥ መቀመጫ ስፈልግ አንድ ሽማግሌ ከዘራቸውን ሰብስበው ጠጋ አሉልኝ። አመስግኜ ተቀመጥኩ። ጎን ለጎን ብዙ ከቆየን በኋላ ነው እጃቸውን ያየሁት። የግራ እጃቸው ሌባ ጣት ከአንጓው የለም። ያንን ጣት ማሽን ሲበላው ቆሜ አይቻለሁ፤ ደሙን በነጠላዬ ያሰርኩትም እኔ ነኝ።

«ጋሽ ተካ» አልኩት።

አልሰማኝም። ክንዱን ነካ ሳደርገው ዞሮ አየኝ። መነጽሩን ወደ ላይ ገፋ አድርጎ እንደገና አየኝ።

«ወይዘሮ አሰለፈች» አለ። «እንደምን አሉ?»

«እንደምን አለሽ» አላለኝም። ይህ ሰው ሠላሳ ዓመት ሙሉ «አንቺ አሰሉ» ሲለኝ የኖረ፣ የሠርጉ ቀን ለሚስቱ ሚዜ የሆንኩለት ሰው ነው። «እርስዎ» ማለት እንዲህ እንደ በር ሊዘጋ እንደሚችል እስከዚያ ቀን አላወቅሁም ነበር። ደኅና ነኝ፣ እግዚአብሔር ይመስገን አልኩ። እሱም እግዚአብሔር ይመስገን አለ። ከዚያ ሁለታችንም ፊት ለፊታችን ያለውን ግድግዳ ማየት ጀመርን።

እኔ ከሰላሌ አክስቴ ዘንድ ስመጣ አሥራ ሰባት ዓመቴ ነበር። ያን ጊዜ ያ አካባቢ ከተማ አይባልም። ባሕር ዛፍ ነው፣ ወንዝ ነው፣ አለፍ አለፍ ብሎ አጥር ነው። በመሃሉ ግን የሹራብ ፋብሪካው ቆሟል፤ ቀይ ሸክላ፣ ጣሪያው እንደ መጋዝ ጥርስ ከፍ ዝቅ ያለ። ፋብሪካው እዚያ የተተከለው ለወንዙ ነው ይሉ ነበር፣ ለክር ማጠቢያ። በኋላ ሰዎች «ፋብሪካው ሰፈር መሃል ነው» ሲሉ ስሰማ ይገርመኛል። ሰፈሩን የወለደው እሱ ነው። ከሰላሌ፣ ከመንዝ፣ ከጉራጌ፣ ከጋሞ የመጣ ሠራተኛ ሁሉ ማደሪያ ፈለገ፤ ባለ ቦታው ጓሮው ላይ አንድ ክፍል የጭቃ ቤት አቆመ፣ በዓመቱ ሁለተኛውን፣ ከዚያ ሦስተኛውን። የክር መኪና በክረምት ጭቃ እየዋጠው ቢያስቸግር ፋብሪካው መንገዱን ጠጠር አለበሰው፤ ጠጠሩን ተከትሎ ታክሲ መጣ። ለማሽኑ የተሳበውን መብራት ተከትሎ አምፖል በየቤቱ ተንጠለጠለ። ወፍጮ ቤት፣ ጠላ ቤት፣ ልብስ ሰፊ፣ ከዚያ ፓስታ ቤት፣ ከዚያ ፎቶ ቤት። ጠዋት ሳይረኑ ሲጮህ ዳገቱ ሁሉ በሴት ይሞላል፤ ሰማያዊ ሽርጥ የለበሰ ወንዝ ነው የሚመስለው። ሥራ የሌለው ሰው እንኳ ሰዓቱን የሚሞላው በዚያ ጩኸት ነበር።

ሻይ በአሥር ሳንቲም ነበር። ፓስታ በሥጋ ስልሳ ሳንቲም፤ ያለ ሥጋ ከሆነ እንዲያውም ዳቦ ይመረቅበታል። ቤቴን የተከራየሁት በስምንት ብር ነው፤ ወለሉ ጭቃ፣ ግድግዳው በጋዜጣ የተለጠፈ፣ ግን የራሴ ቁልፍ ያለው። ከሰላሌ የመጣች ኮረዳ በገዛ ቁልፏ ስትገባና ስትወጣ ምን እንደሚሰማት ዛሬ ለልጄ ብነግራት አይገባትም። የመጀመሪያ ደሞዜን እንደያዝኩ መርካቶ ወርጄ ወፍራም ተረከዝ ያለው ቡናማ ጫማ ገዛሁ፤ ጠጠሩ ላይ እንዳይላላጥ በእጄ ይዤው፣ በላስቲክ ጫማ እየሄድኩ ፋብሪካው በር ላይ ስደርስ ነበር የምቀይረው። ዘነበች ይህን ባየች ቁጥር በሳቅ ትሞታለች።

ዘነበች ከእኔ ቀጥሎ ያለው ማሽን ላይ ነበረች። የቁስቋም ልጅ ናት፤ ዳገት የለመደች፣ ቀጭን፣ ወሬዋ የማያልቅ። ምሳ ሰዓት ሹራቡ በየመጠኑ ተከምሮ በሚለይበት ክፍል እንሰበሰብና እሷ ትዘፍናለች። ግጥሙን ራሷ ነው የምትፈጥረው፦

ክርማ ቢበጠስ ይቋጠራል ባንዴ፣
የሰው ልብ ሲበጠስ ቋጠሮ የለው እንዴ።

ፋብሪካው ስህተት ያለበትን ሹራብ ለሠራተኛ በርካሽ ይሸጥ ነበር። ስለዚህ ሰፈራችን ውስጥ እጅጌው ያልተስተካከለ፣ አንገቱ የተጣመመ፣ መስመሩ መሃል ላይ ቀለም የቀየረ ሹራብ ያልለበሰ ሰው አልነበረም። ሰፈራችን ጉለሌ ብርድ ነው፤ የእንጦጦ ንፋስ ይወርድበታል። አውቶቡስ ውስጥ አንድ እጁ የረዘመ ሹራብ ያየሁ እንደሆነ «የኛ ሰፈር ልጅ ነው» ብዬ ቦታ እለቅለት ነበር። ከዘነበች ጋር ፎቶ ቤት የተነሳነው እንዲህ ያለ አረንጓዴ ሹራብ ለብሰን ነው፤ ከኋላችን ፏፏቴ የተሳለበት ሸራ አለ። ፎቶው አሁንም አለኝ፤ ግን ከሣጥን አላወጣውም።

ተካ መካኒክ ነበር። መንግሥት ተለውጦ ፋብሪካው የሕዝብ ነው ሲባል መለዋወጫ ከውጭ መምጣት አቆመ። ጓድ፣ ጓዲት እየተባባልን ስብሰባ በስብሰባ ሆንን፤ ማሽኖቹ ግን በስብሰባ አይሽከረከሩም። እነሱን በሥራ ላይ ያቆያቸው ተካ ነው። ከአሮጌ መኪና ብረት እየሞረደ የማሽን ጥርስ ይሠራል። አንድ ማሽን ሊታመም ሲል ከአዳራሹ ጫፍ ድምፁን ሰምቶ ይመጣል፤ «ይቺ ሳል ይዟታል» ይላል። ጣቱ የሄደው እንዲህ አንዱን ሲያክም ነው። በሁለት ሳምንቱ፣ ፋሻው ሳይፈታ፣ ወደ ሥራ ተመለሰ። ዘነበች ያገባችው በዚያው ዓመት ነው። ለምን እንደመረጠችው ስጠይቃት «ብረት እንዲህ የሚያስታምም ሰው ሰው አይበድልም» አለችኝ።

ከዚያ ደግሞ ሌላ መንግሥት መጣ። ነጻ ገበያ ተባለ። ገበያው ነጻ ሲሆን መርካቶ በሰልባጅና በቻይና ሹራብ ተጥለቀለቀ፤ ተሠርቶ፣ ባሕር ተሻግሮ፣ ተሸጦ ከእኛ ክር ይረክስ ነበር። እውነቱን ለመናገር እኔም ለልጄ የገዛሁት የቻይናውን ነው። ሁላችንም እንደዚያው አደረግን፤ ጠዋት ሳይረን ሰምተን ሹራብ ልንሠራ እንገባለን፣ ቅዳሜ መርካቶ ወርደን የራሳችንን እንጀራ የሚዘጋውን እንገዛለን። መጋዘኑ እስከ ጣሪያው ሞላ። ፋብሪካው ይሸጣል ተባለ፣ ተሸጠም።

እኔ ያን ጊዜ በሠራተኛ ማኅበሩ የሴቶች ተወካይ ነበርኩ። ከዚህ በኋላ የምነግራችሁን ለልጄም ነግሬያት አላውቅም። አዲሱ ባለቤት የላከው ሥራ አስኪያጅ ቢሮው ጠራኝ። ለስላሳ ከፈተልኝ። ማሽኖቹ አርጅተዋል፣ ሙሉ እድሳት ይደረግላቸዋል፣ ለስድስት ወር ብቻ እረፍት ትወጣላችሁ፣ ከዚያ ሁላችሁም ትመለሳላችሁ አለኝ። ወረቀት አሳየኝ፤ አንብቤ አልጨረስኩትም። ተከብሬ ነበር፣ ደስ ብሎኝ ነበር። ወጥቼ ምሳ ቤቱ ወንበር ላይ ቆሜ ለሴቶቹ ሁሉ «ተረጋጉ፣ እኔ ራሴ አይቻለሁ፣ ስድስት ወር ብቻ ነው» አልኩ። አጨበጨቡልኝ።

እኛ በወጣን በሳምንቱ ተካ ማሽኖቹን መፍታት ጀመረ። አራት የቀን ሠራተኞች ተሰጡት። ሁለት ወር ሙሉ፣ ጠዋት ገብቶ ማታ በግራሶ ጠቁሮ ሲወጣ እናየዋለን። የጭነት መኪናዎች እየመጡ ወሰዱ። ስድስት ወሩ አለፈ፣ ዓመት ሞላ። በሩ ላይ ሰንሰለት ገባ። ሥራ አስኪያጁን ብንፈልገው ቢሮውም የለም። ግቢው መጀመሪያ የሲሚንቶ መጋዘን ሆነ፤ ኋላ የተፈለገው መሬቱ እንጂ ማሽኑም እኛም እንዳልነበርን ገባን። ፓስታ ቤቱ ተዘጋ። ፎቶ ቤቱ የጫት መሸጫ ሆነ። ልብስ ሰፊው ወደ አገሩ ተመለሰ። ሴቶቹ ከፊሉ ጉልት ወጣ፣ ከፊሉ ዓረብ አገር ሄደ፣ ከፊሉ የሰው ቤት ልብስ አጣቢ ሆነ። ያ ጠዋት ጠዋት ዳገቱን የሚሞላው ሰማያዊ ነገር ጠፋ። በዚያ ሁሉ ጸጥታ ውስጥ ሰዉ የሚጠላው ሰው ይፈልግ ነበር።

የዕድራችን ስብሰባ እሑድ ከቅዳሴ በኋላ ነበር። ዕድሩ የፋብሪካው ሠራተኞች ያቋቋሙት ነው፤ ፋብሪካው ሲሞት እሱ ብቻ ተርፎ ነበር። ስለ ድንኳን ጥገና እየተወራ ሳለ አንዲት ሴት ከኋላ ተነሳች። ሦስት ልጆች ብቻዋን የምታሳድግ ሴት ናት።

«አሰለፈች» አለች፣ «አንቺ አይደለሽም ወይ ተረጋጉ ያልሽን? ወረቀቱን አይቻለሁ አላልሽም?»

ሁሉም ወደ እኔ ዞረ። ፊታቸውን አይቼ ፈራሁ፤ እነዚያ ያጨበጨቡልኝ ፊቶች ናቸው። ተካ ሦስተኛው ረድፍ ላይ ነበር፣ ዘነበች አጠገቡ።

«እኔ የነገሩኝን ነው የነገርኳችሁ» አልኩ። «ማሽኑን የፈታው ግን ማነው? መፍቻው በማን እጅ ነበር? እንጀራችንን ብሎን በብሎን ፈትቶ መኪና ላይ የጫነ ሰው እዚሁ መሃላችን ተቀምጧል። እኔ ከእሱ ጋር አንድ ድንኳን ሥር አልቀመጥም።»

ከዚህ በላይ መጨመር አላስፈለገኝም። አንዱ ተነስቶ ተካ ለዚህ ሥራ ምን እንደተሰጠው ጠየቀ። ሌላው የፋብሪካው ባለቤት ቤት ሲገባ አይቼዋለሁ አለ፤ ውሸት ነበር፣ ባለቤቱ የት እንደሚኖር ማናችንም አናውቅም። ባለቤቱን ከየት እናመጣዋለን? ተካ ግን ጎረቤታችን ነበር፣ እጃችን ይደርስበታል። እሱ ለመናገር ሞከረ፤ ጆሮው ያኔም ከማሽን ጩኸት የተነሳ ደክሞ ነበርና ከኋላው የሚባለው ሁሉ አልተሰማውም፤ «ምን አሉ? ምን አሉ?» እያለ ዘነበችን ይጠይቃል። እሷ አልመለሰችለትም። እኔን ነበር የምታየው። ተቆጥታ ብትሰድበኝ ይሻለኝ ነበር። ነጠላዋን ሰበሰበች፣ እጁን ይዛ አስነሳችው፣ ወጡ። ከዕድሩ እንዲሰረዝ እጅ ተቆጥሮ በድምፅ ብልጫ ተወሰነ። እኔም እጄን አወጣሁ።

ዘነበች የሞተችው ዓመት ሳይሞላ ነው። የሳንባ ነገር ነበር። ሃያ ስድስት ዓመት የክር ብናኝ የሳበች ሴት ናት፤ ሳሏን ከእኔ ቤት ድረስ እሰማው ነበር። ታማ መተኛቷን አውቃለሁ። አንድ ቀን ብርቱካን ገዝቼ እስከ በራቸው ሄጃለሁ፤ የጎረቤት ሴቶች ሲያዩኝ ግን መንገዴን ቀይሬ አለፍኩ። «ራሷ ከዕድር አሰርዛቸው ራሷ ልትጠይቅ መጣች» እንዳይሉኝ ብዬ ነው። ብርቱካኑን ልጄ በላችው።

አንድ ጠዋት ለቅሶ ሰማሁ። የአንዲት አሮጊት ድምፅ ብቻ ነበር። የዕድሩ ጥሩምባ አልተነፋም፣ ድንኳን አልተተከለም። በየቤቱ ሰው አለ፤ ግን በሩን ገርበብ አድርጎ ውስጥ ተቀምጧል። አስከሬኑ ሲወጣ ከመጋረጃ ጀርባ ሆኜ አየሁ። አንድ ቄስ፣ ተካ፣ ከቁስቋም የመጡ ዘመዶቿና አራት ቃሬዛ ተሸካሚ የቀን ሠራተኞች። ከዘመዶቿ አንዱ እጅጌው ያልተስተካከለ አሮጌ የፋብሪካችን ሹራብ ለብሶ ነበር። ዳገቱን ይዘው እስኪጠፉ አየሁ። ከዚያ ገብቼ ሽንኩርት መክተፍ ጀመርኩ። ሠርጓ ላይ እጇን ይዤ ያወጣኋት፣ ማሽኗ ሲበላሽ የእኔን ለቅቄላት ተራ በተራ የሠራሁላት ሴት ነበረች።

ተካ ከሰፈር ለቀቀ። ከጥቂት ዓመታት በኋላ እኛም ለቀቅን፤ ቤቶቹ ለልማት ይፈርሳሉ ተባለና ዕጣ የደረሰው ኮንዶሚኒየም ገባ፣ ያልደረሰው ተበተነ። ዕድሩም ያኔ ሞተ። ከፋብሪካ የተወለደ ሰፈር ነበር፤ የዛሬው ከተማ የሚወለደው ከመሬት ዋጋ ነው፤ መሬቱ ላይ ማን እንደኖረበት ጉዳዩ አይደለም። ከተማችን አደገች ይሉናል። ፎቁን አያለሁ፣ ዓይኔ እስከዚያ ያያል። ሕንፃ ሲሠራ አያለሁ፤ አንድም ነገር ሲመረት ግን አላይም።

ይህን ሁሉ የሆስፒታሉን ግድግዳ እያየሁ አሰብኩት። በመጨረሻ ወደ ተካ ዞርኩ።

«ማሽኖቹን ያኔ ስትፈታ ለምን እንደሆነ ነግረውህ ነበር?» አልኩት፣ ድምፄን ከፍ አድርጌ።

«ሌላ ከተማ ተወስደው ይታደሳሉ፣ ሲመለሱ አንተው ትገጥማቸዋለህ አሉኝ» አለ። «ስለዚህ እያንዳንዷን ብረት በነጭ ቀለም ቁጥር ጻፍኩባት። ጥርሶቹን በግራሶ አሽቼ በወረቀት ጠቀለልኳቸው። ለእድሳት የሚሄድ ነገር እንዲያ ነው የሚፈታው። በዓመቱ ቃሊቲ አንድ ብረት ማቅለጫ ግቢ ውስጥ ክምር ሆነው አገኘኋቸው። በጋዝ እየቆረጧቸው ነበር። ቁጥሬን ከሩቅ አወቅሁት።»

«ታዲያ ለምን አልነገርከንም?»

«ማን ጠየቀኝ?» አለ።

እኔና እሱ የተነገረን አንድ ውሸት ነው። እኔ በወንበር ላይ ቆሜ ተናገርኩት፣ እሱ በእጁ ሠራው። ልዩነታችን ይኸው ነው፤ ሰው የሚያስታውሰው ደግሞ እጅን ነው።

«ጋሽ ተካ፣ ይቅርታ አድርግልኝ» አልኩት። ድምፄ ዝቅ ብሎ ወጣ።

«ምን አሉ?» አለ፣ ጆሮውን ወደ እኔ አዘንብሎ።

«ይቅርታ አድርግልኝ አልኩ።»

«አልሰማሁም።»

ኮሪደሩ በሰው ሞልቷል፤ ዓይኑ የታሰረ አለ፣ ልጅ ያዘለች አለች። ሁሉም ዝም ብሎ ተራውን ይጠብቃል። «ይቅርታ አድርግልኝ» አልኩ ጮክ ብዬ፤ «ሰው መሃል በሐሰት ወነጀልኩህ። ራሴን ለማዳን ነው። ዘነበችን ሳልቀብር ቀረሁ።» ሰዉ ሁሉ ዞሮ አየን።

ተካ ቀና አለ። «መጀመሪያ ሲሉትም ገብቶኝ ነበር» አለኝ፣ በረጋ ድምፅ። «ማሽን ቤት የኖረ ሰው ከንፈር ያነባል፣ እርስዎም ያውቁታል። ያኔ የተናገሩት ሰው መሃል ስለነበር፣ ይህም ሰው መሃል ይሁን ብዬ ነው።»

ነጠላዬን ወደ ፊቴ ሳብኩ።

«የእኔን ትቼዋለሁ» አለኝ። «ዘነበች ግን ታማ ተኝታ በሩ በተንኳኳ ቁጥር ‹አሰሉ ናት፣ ክፈትላት› ትለኝ ነበር። እከፍታለሁ። አንድ ጊዜ የመብራት ቆጣሪ አንባቢ ነበር። አንድ ጊዜ ቤት የተሳሳተ ሰው ነበር። የእሷን ይቅርታ እኔ ልሰጥዎ አልችልም፤ የእኔ አይደለም።»

የተካ ተራ ቁጥር ተጠራ። እኔ ደግፌው እንዳነሳው እጄን ዘረጋሁ፤ በከዘራው ተነሳ። «ደኅና ይሁኑ» ብሎኝ ገባ። እኔ ታይቼ ስወጣ ሄዷል።

ወደ ቤት ከመመለሴ በፊት በእግሬ ወደ ፋብሪካው ቦታ ወረድኩ። መስታወት የለበሰ ሕንፃ ነው፤ ታች ባንክ፣ ላይ ጂምናዚየም። ማሽኔ የነበረበትን ቦታ በዓይኔ ለመገመት ስሞክር ጥበቃው መጣ። «እማማ፣ እዚህ መቆም አይቻልም» አለኝ። ክፉ ሰው አይመስልም፣ ሥራው ነው። ታክሲ ፈልጌ ተሳፈርኩ።

ባለፈው ሳምንት ደግሞ እኛ ኮንዶሚኒየም መኪና ማቆሚያው ላይ ድንኳን ተተከለ። የሞተችው ሌላ ብሎክ ሦስተኛ ፎቅ የምትኖር ሴት ናት አሉ፤ መልኳን እንኳ አላውቀውም። እዚህ ስንገባ የሚያውቀኝ የለም፣ እኔም ማንንም አላውቅም ብዬ በዕድር አልተመዘገብኩም። ነጠላዬን አዘቅዝቄ ለበስኩና ደረጃውን ወረድኩ። ሦስት ቀን ተቀመጥኩ። በሦስተኛው ቀን የሟች ልጅ ንፍሮ ስታዞር እኔ ጋ ስትደርስ ቆመች።

«እናቴን ከየት ነው የሚያውቋት?» አለችኝ።

«አላውቃትም፣ ልጄ» አልኳት። «ጎረቤት ነኝ።»

ግራ ገብቷት ትንሽ አየችኝ። ከዚያ ሳህኑን አስቀመጠችና አጠገቤ ቁጭ ብላ አለቀሰች። እኔም አለቀስኩ፤ ለማን እንደማለቅስ ግን አልነገርኳትም።